በስም መጠራራት ክልክል ነው

ሀል፣ ፌብሩዋሪ 11 ቀን 2019

ውድ ዮሪስ፣

እንደምን ከርመሃል? አሥራ አንድ ዓመት ለተጠፋፋ ሰው "እንዴት ሰነበትክ" ማለት ስለሚያሳፍር "ከርመሃል"ን መረጥኩ። ደብዳቤህ የደረሰኝ ሐሙስ ዕለት ነው። የሆላንድ ቴምብር ሳይበት ለሱቁ ልብስ ከሚልኩት ነጋዴዎች የመጣ መስሎኝ፣ እስከ ምሳ ሳልከፍተው ቆየሁ። ይቅርታ አድርግልኝ።

ለጠየቅከኝ በየተራ ልመልስ። አዎ፣ በሕይወት አለሁ። አዎ፣ አውቶቡስ መንዳቱን ትቻለሁ፤ ወገቤ እምቢ አለ። አሁን ለሙሽሮች ልብስ የሚያከራይ ሱቅ ውስጥ ነኝ። ቅዳሜ ቅዳሜ ሚዜዎች ተሰልፈው አንገታቸውን ይሰጡኛል፣ እኔ ክራባታቸውን አስራለሁ። ያንን ድርብ ቋጠሮ ረስቼዋለሁ ብለህ አታስብ፤ እጄ ለብቻው ይሠራዋል። አዎ፣ ዴስሞንድ ሞቷል፤ ባለፈው ኤፕሪል። ቀብሩ ላይ አሥራ አራት ሰዎች ነበርን፣ ሁላችንም ሙሉ ሱፍ ለብሰን። እሱ ቢያየን አሰልፎ ካሜራውን ያወጣ ነበር።

ፊንላይ የተባለው የዩኒቨርሲቲ ሰው ለእኔም ጽፎልኛል። የዴስሞንድን ፊልሞች በሙሉ አንድ ኩባንያ ገዝቷቸው፣ የእኛን "የሥራ አፈጻጸም ግምገማ" አድሰው በጁን ሊያወጡት ነው። ፊንላይ አብሮት የሚወጣውን መጽሐፍ ይጽፋል። ሱፍና ክራባት፣ አለቃና ምንዝር፣ ቢሮና ሥልጣን ጌዮች ለአዋቂዎች ብቻ በሚሠሯቸው ፊልሞች ውስጥ ምን ማለት እንደሆኑ ሊተነትን ነው አሉ። ለካ እኔና አንተ ጠረጴዛ ላይ ወረቀት ስንበትን ይህን ሁሉ ትንታኔ ተሸክመን ኖሯል! ሽፋኑ ላይ የሚወጣው የእኔ ፎቶ ነው። በሃምሳ ስምንት ዓመቴ ሱቅ ውስጥ ቆሜ ይህን ስሰማ ደስ አላለኝም ብል ውሸት ነው።

በደብዳቤህ መጨረሻ ላይ ያለችውን አንዲት መስመር አይቻታለሁ። ሌላ ጊዜ እመለስባታለሁ፤ ዛሬ ሱቁ ሥራ በዝቶበታል።

ግን ለምን "እርስዎ" ትለኛለህ? "ውድ ሚስተር ስታንዲሽ" ማለትስ ምን ማለት ነው? እሱ በፊልሙ የነበረው ሥራ አስኪያጅ ነው። የእኔን ስም ታውቀዋለህ።

ጌቲን


ናልድቬይክ፣ ፌብሩዋሪ 20 ቀን 2019

ውድ ሚስተር ስታንዲሽ፣

ስለ ደብዳቤዎ አመሰግናለሁ። ደህና ነኝ። አላገባሁም። የምሠራው ቲማቲም የሚበቅልበት የመስታወት ቤት ውስጥ ነው። እዚህ ማንም ክራባት አያስርም።

የጠየቅኩት አንድ ነገር ነበር፣ ደግሜ እጽፈዋለሁ። ያን ቀን ስምዎን ስጠራ ሰምተውኝ ነበር?

ለፊንላይ የጻፍኩለትን እዚህ ገልብጬዋለሁ፤ ስለ እርስዎ ከጀርባዎ ምን እንዳልኩ ማወቅ ይገባዎታል።

"በዴስሞንድ ስቱዲዮ አንድ ሕግ ነበር። ሱፍ ከተለበሰበት ደቂቃ ጀምሮ እስኪወልቅ ድረስ ማንም በራሱ ስም አይጠራም። ሻይ ስንጠጣም እሱ ሚስተር ስታንዲሽ፣ እኔ ሚስተር ኮል ነን። በሩ ላይ 'በስም መጠራራት ክልክል ነው' የሚል ወረቀት ተለጥፎ ነበር። በፊልሙ ውስጥ 'ተዉኝ'ም፣ 'አይሆንም'ም፣ 'ይቅር ይበሉኝ ጌታዬ'ም የተጻፉ ቃላት ናቸው፤ የሚናገራቸው ሰው እየተጫወተ ነው። ስለዚህ ከልቡ ይቁምልኝ የሚል ሰው ሌላ ቃል ያስፈልገው ነበር። ቃሉ የባልደረባው እውነተኛ ስም ነው። ስም ከተጠራ ሁሉም ነገር ይቆማል። በሦስት ዓመት ውስጥ አንድ ጊዜ ብቻ ጠራሁ። አልቆመም። ዴስሞንድ ሳይቆርጠው አወጣው፤ ሰውም ምንዝሩ ለአለቃው ፍቅሩን የገለጠበት ቅጽበት ነው ብሎ ወደደው።"

ፊንላይ ለኩባንያው ነግሯቸዋል። እነሱ ደግሞ ያን ጊዜ በክፍሉ ውስጥ የነበረ ሰው ቃሌን ካረጋገጠ ትዕይንቱን ቆርጠን እናስቀረዋለን፣ ካልሆነ ግን በውሉ መሠረት እንዳለ ይወጣል ብለዋል። ካሜራውን የያዘው ዴስሞንድ ነበር። ልብስ የምታሰናዳልን ሚስስ አዴዬሚ ከበር ውጭ ነበረች። የቀሩት እርስዎ ነዎት። ቀነ ገደቡ ኤፕሪል 30 ነው።

ሽፋኑ ላይ ከፎቶዎ በታች ምን እንደሚጻፍ ነግረውዎታል? "አለቃውን በስሙ የጠራበት ዕለት" ይላል።

ከአክብሮት ጋር፣
ዮሪስ


ሀል፣ ማርች 4 ቀን 2019

ውድ ዮሪስ፣

መልሴ ስለዘገየ ይቅርታ። ጉንፋን ይዞኝ ነበር፣ ቀጥሎም የአንድ ሙሽራ ሱሪ ጠፋ፣ ብቻ ምክንያት ሞልቷል።

ደብዳቤህን ካነበብኩ በኋላ ስለዚያ ቤት ብዙ አሰብኩ። ወንበሬ ትዝ ይልሃል? ዴስሞንድ ከሥሩ ሁለት ጣውላ አስገብቶበት ነበር፣ ካንተ ወንበር ከፍ እንድል። ተነሥቼ ስቆም አንተ ተቀምጠህ ቀና ብለህ ታየኛለህ፤ ስቀመጥም ቀና ብለህ ታየኛለህ። ለእኔ ድርብ ቋጠሮ፣ ላንተ ነጠላ። የእኔ ጫማ ፊት ያሳያል፣ ያንተ ተረከዙ ትንሽ ያለቀ። ኮትህን መጀመሪያ የምታወልቀው አንተ፣ ክራባቴን እስከ መጨረሻው የማልፈታው እኔ። "አለቃ አንገቱን አይፈታም" ይል ነበር ዴስሞንድ። ሻይም አለቃ አያመጣም፤ እረፍት ላይ እንኳን ኩባያ የምትይዘው አንተ ነበርክ። ሦስት ዓመት አንድም ቀን ሻይ አፍልቼልህ አላውቅም።

የሚያስቀው ደግሞ ቀን ቀን አንተ እውነተኛ የኢንሹራንስ ቢሮ ውስጥ በእውነተኛ ሱፍ ትሠራለህ፣ እኔ ከካምደን እስከ ብሪክስተን አውቶቡስ እነዳለሁ። መንገደኛው ሁሉ "ሹፌር! በሩን ክፈት እንጂ!" እያለ ይጮህብኛል። ከሥራ በኋላ ማታ ሱፉን ሳጠልቅ ሰው ሁሉ "ጌታዬ" ይለኛል። እንዲህ ያለው ነገር እያሳሳቀ እንደሚወስድ ውሃ ነው።

ስለዚያ ቅጽበት የሚጽፉልኝ ሰዎች አሉ። አንድ የቤልፋስት ጡረተኛ "ስምህን ሲጠራ አለቀስኩ፤ እኔን ማንም በዚያ ድምፅ ጠርቶኝ አያውቅም" ብሎ ጽፎልኛል። ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ምን ትለዋለህ? ምናልባት፣ ምናልባት ነው የምልህ፣ አምልጦህ ይሆን? ከዚያ ሁሉ ዓመት በኋላ ሰው የራሱን ነገር ያምታታል። እኔም አምታታለሁ።

አንተ ግን ለምን ከቢሮው ወጣህ? ጥሩ ደመወዝ ነበረህ።

ጌቲን


ናልድቬይክ፣ ማርች 15 ቀን 2019

ውድ ሚስተር ስታንዲሽ፣

አላመለጠኝም።

ከቢሮ ለምን እንደወጣሁ ጠይቀውኛል። ፊልሙን የሠራነው ዓርብ ነበር። ሰኞ ጠዋት የክፍል ኃላፊዬ በሩ ላይ ብቅ ብላ "ዮሪስ፣ ያንተ የሥራ አፈጻጸም ግምገማ ለዐሥር ሰዓት ተቀጥሯል፣ እሺ የኔ ጌታ?" አለችኝ። ደግ ሴት ነበረች፤ እየሳቀች ነው የተናገረችው። ክራባቴን ለማስተካከል እጄን አነሣሁ፣ ጣቶቼ አልታዘዙኝም። መጸዳጃ ቤት ገብቼ ፈታሁት፣ መልሼ ማሰር አቃተኝ። ስንት ዓመት ያሰርኩትን ነጠላ ቋጠሮ ማለቴ ነው። ክራባቱን እዚያው መስቀያ ላይ ትቼ ባቡር ተሳፍሬ እስከ መጨረሻው ፌርማታ ሄድኩ። ከዚያ በኋላ አልተመለስኩም።

ተቆጥቷል ብለው ያስቡ ይሆናል። አልተቆጣሁም። የጥርስ ሐኪም ካደነዘዘዎት በኋላ ከንፈርዎን ቢነክሱት አይሰማዎትም፣ ደሙን ግን ያዩታል። እንደዚያ ነኝ። አሥራ አንድ ዓመት መርፌው ይለቃል ብዬ ጠበቅኩ። ቲማቲሙን እለቅማለሁ፣ ሰዎች ቀልድ ሲናገሩ ሳቅ የሚመጣበትን ቦታ አውቄ እስቃለሁ። ሰው ሲነካኝ እንደተነካሁ አውቃለሁ፣ ከዚያ ያለፈ ነገር የለም።

አንድ ነገር ልጨምር። ያን ቀን ሥራው ካለቀ በኋላ ሻይ አምጥተውልኝ ነበር። ሁለት ስኳር አድርገውበታል። እኔ ስኳር አልወስድም። ጠጣሁት።

ከአክብሮት ጋር፣
ዮሪስ


ሀል፣ ኤፕሪል 2 ቀን 2019

ውድ ዮሪስ፣

ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ቀደድኩ። ያቺን ሻይ ረስቻት ነበር። ማርያምን፣ ረስቻት ነበር።

እሑድ ለሚስስ አዴዬሚ ስልክ ደወልኩ። ሰማንያ አንድ ዓመቷ ነው፣ ፔክሃም ካለው ፎቋ ላይ ሆና አሁንም ለቤተ ክርስቲያን መዘምራን ልብስ ትሰፋለች። ስላንተ ነገርኳት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝና እንዲህ አለች፦

"ጌቲን፣ እኔ ምን እንደተባለ አልሰማሁም፤ በሩ ወፍራም ነው። የልጁን ሱፍ ሳወልቅለት ግን እጁ ልክ አልነበረም። 'ምን ሆነሃል ልጄ?' ብለው 'በረደኝ' አለኝ። በኦገስት!"

"እኔስ የማውቀው ነገር ነበረ?" አልኳት።

"እሱን እኔን ትጠይቀኛለህ እንዴ? ይልቅ እኔ ልጠይቅህ። ሦስት ዓመት ሙሉ ኩባያ ሲያነሣ ያላየሁት ሰው፣ ያን ቀን ምን ሆኖ ነው ሱፉን ሳያወልቅ ሮጦ ሻይ ያፈላው?"

መስመሩ ጥሩ አይደለም፣ አይሰማኝም ብዬ ዘጋሁት።

የሚቀጥለው ደብዳቤዬ ይረዝማል። ታገሠኝ።

ጌቲን


ናልድቬይክ፣ ኤፕሪል 17 ቀን 2019

ውድ ሚስተር ስታንዲሽ፣

ለፋሲካ ስላስታወሱኝ አመሰግናለሁ፤ ካርዱ ደርሶኛል። ላዩ ላይ ያለችው ጥንቸል ታምራለች።

ስለ ወንበሩ፣ ስለ ጫማው፣ ስለ ጉንፋንዎ፣ ስለ ቤልፋስቱ ሰው ጽፈውልኛል። አሥራ ሦስት ቀን ቀርቷል። በካርዱ ላይ በጁን ምን እንደምፈራ ጠይቀውኛል፤ ይኸው ነው። እኔ "ይቁምልኝ" ያልኩበት ድምፅ ታድሶ፣ ጥራቱ ተስተካክሎ፣ የማላውቃቸው ሰዎች ቤት ውስጥ ይሰማል። እነሱም ደስ ብሏቸው ወደ ኋላ መልሰው ደግመው ይሰሙታል። እነሱ ላይ አልፈርድም፤ ምን እንደሆነ የነገራቸው የለም።

ሰምተውኝ ካልነበረ "አልሰማሁም" ብለው ይጻፉ። እሱንም እቀበላለሁ።

ዮሪስ


ሀል፣ ኤፕሪል 22 ቀን 2019

ዮሪስ፣

ሰምቼህ ነበር።

ይህን መስመር ከጻፍኩ በኋላ ተነሥቼ ሳህን አጠብኩ። ንጹሕ ሳህን ነው ያጠብኩት። አሁን የቀረውን ልጻፍ።

ስሜን ስትጠራ መጀመሪያ የተሰማኝ ደስታ ነው። አትቅደደው፣ እስከ መጨረሻው አንብበው። በዚያ ክፍል ውስጥ ሦስት ዓመት ሚስተር ስታንዲሽ ነበርኩ። ሰዎች የሚወዱት ቋጠሮውን፣ ጫማውን፣ ጣውላ የተደረገበትን ወንበር ነው። የአውቶቡስ ነጂውን ጌቲን ማንም እዚያ ጠርቶት አያውቅም። አንተ ስትጠራኝ፣ ይህ ልጅ እኔን አየኝ አልኩ። ደስ አለኝ። ከዚያ የስሙን ትርጉም አስታወስኩ።

ካስታወስኩ በኋላ ወደ ዴስሞንድ ዞርኩ። አንዱ ዓይኑ ካሜራው ላይ ነው፣ በነጻ እጁ ጣቱን አዞረልኝ፣ ቀጥል ማለቱ ነው። እኔም ቀጠልኩ። እሱ አዘዘኝ ብዬ በሞተ ሰው ማሳበብ እችላለሁ፣ አሥራ አንድ ዓመትም ያደረግኩት እሱን ነው። ነገር ግን ያላቆመው እጅ የዴስሞንድ አልነበረም፣ የእኔ ነበር። ያ ሁሉ የአለቃነት ጨዋታ፣ አለቃው እኔ ነኝ የተባለበት፣ አንድ ጊዜ እውነተኛ ሥልጣን እጄ ላይ ሲወድቅ፣ ማቆም የምችለው እኔ ብቻ ስሆን፣ ሌላ አለቃ ፈልጌ ወደ እሱ ዞርኩ። ለካ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ሹፌር ነበርኩ። በሩን ክፈት ሲሉኝ የምከፍት፣ ንዳ ሲሉኝ የምነዳ።

ፊልሙን ትናንት አውጥቼ አየሁት። ስሜን ከጠራህበት እስከሚያልቅ አንድ ደቂቃ ከአርባ ሰከንድ ነው። ፊቴ ይታያል። የሰማ ሰው ፊት ነው። ይህን ሁሉ ሕዝብ ያታለልኩት እንዴት እንደሆነ አላውቅም።

በ2011 አንድ መጽሔት "ያን ቃል ማን ጻፈው?" ብሎ ሲጠይቀኝ "ማንም አልጻፈውም፣ ከልቡ ያመለጠው ነው" ብዬ መለስኩ። ባለፈው ዲሴምበርም ፊንላይ ሲጠይቀኝ ያንኑ ደገምኩለት። አንተ ከመጻፍህ በፊት ነው፣ ግን ያው ነው።

ዛሬ ለኩባንያውም ለፊንላይም ጽፌአለሁ። ግልባጩ ከዚህ ጋር አለ። "የተጠራው የእኔ ስም ነው፣ በቤቱ ሕግ ትርጉሙ አቁም ነው፣ ሰምቼ አላቆምኩም" ይላል። ፎቶዬንም ከሽፋኑ ላይ እንዲያወርዱ ጠይቄአለሁ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ብትል እውነትህን ነው።

ሻይውን ያመጣሁልህ ስላወቅኩ ነው። ስኳር እንደማትወስድ ግን አላውቅም ነበር። ሦስት ዓመት አብረን ስንሠራ ጠይቄህ አላውቅም።

ጌቲን


ናልድቬይክ፣ ሜይ 9 ቀን 2019

ውድ ሚስተር ስታንዲሽ፣

ደብዳቤዎም ግልባጩም ደርሶኛል። ኩባንያው ትናንት ጻፈልኝ። ፊልሙ በጭራሽ አይወጣም። ያለ ትዕይንቱ ይውጣ ቢሉ የሚገዛው የለም መሰለኝ፣ ወይም አፍረዋል። ፊንላይ ያን ምዕራፍ እንደ አዲስ እየጻፈው ነው።

ምን እንደተሰማኝ ይጠይቁኛል ብዬ አስቀድሜ ልንገርዎት። ደስ ይለኛል ብዬ ነበር፣ ምንም አልመጣም። ደብዳቤውን አጥፌ ኪሴ ከተትኩና እስከ ምሳ ሠራሁ። ከምሳ በኋላ እጄን ስታጠብ ውሃው በጣም ሙቅ ነበር፣ እጄን ሳብ አደረግኩ። ሌላ ጊዜ ቆዳዬ እስኪቀላ ድረስ አላውቅም ነበር። ይኸው ነው።

አመሰግናለሁ። ይህ ደብዳቤ መልስ አያስፈልገውም።

ዮሪስ


ሀል፣ ሜይ 21 ቀን 2019

ውድ ዮሪስ፣

መልስ አያስፈልገውም እንዳልክ አውቃለሁ። በ12 እና በ16 የላክኋቸውም ደርሰውህ ይሆናል፣ ምንም አላልክም። አትቀየመኝ፣ ከጻፍኩልህ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም፤ ሸክሙን ከደረቴ ያወረድኩ መስሎኝ ነበር፣ ለካ ቦታ ነው የቀየረው።

በደብዳቤ የሚያልቅ ነገር አይደለም። ፊት ለፊት ይቅርታ ልጠይቅህ ይገባል። ከዚህ ወደ ሮተርዳም የሚሄደው መርከብ ላይ ለሜይ 31 ቦታ ይዣለሁ። ከወደቡ እናንተ ጋ በአውቶቡስ ቅርብ ነው አሉኝ፤ አንድ ጊዜ እንኳን መንገደኛ ሆኜ ልሂድ። የመስታወት ቤቱ በር ላይ እቆማለሁ። ሱፍ አልለብስም፣ አይዞህ። ሻይ በፔርሙዝ ይዤ እመጣለሁ፣ ያለ ስኳር። ካልፈለግክ አትናገረኝ፣ ዝም ብለህ አጠገቤ ቁም። ሚስስ አዴዬሚ "ተወው፣ ለማን ብለህ ነው የምትሄደው?" አለችኝ፤ እሷ አይገባትም።

የምለምንህ አንድ ነገር ብቻ ነው። ያ ሚስተር ስታንዲሽ የሚሉት ሰውዬ ይብቃው። እርስዎ አትበለኝ። አንድ ጊዜ በስሜ ብትጠራኝ ይበቃኛል፣ ከዚያ ወዲያ ምንም አልፈልግም።

እስከዚያው ደህና ሁን። እመጣለሁ።

ጌቲን


ናልድቬይክ፣ ሜይ 25 ቀን 2019

ጌቲን።


ሀል፣ ሜይ 28 ቀን 2019

ለመርከብ ቲኬት ክፍል

ጉዳዩ፦ ቦታ ስለመሰረዝ

ሜይ 31 ቀን ወደ ሮተርዳም ለመሄድ በስሜ የያዝኩት አንድ ቦታ እንዲሰረዝልኝ በትሕትና እጠይቃለሁ። የላካችሁልኝን ቅጽ ሞልቼ ከዚህ ጋር አያይዣለሁ። "የተሰረዘበት ምክንያት" በሚለው ሥር ሕመም፣ ሥራ፣ ሐዘን የሚሉ ምርጫዎች አሉ፤ የእኔ ከእነሱ አንዱ ስላልሆነ "ሌላ" በሚለው ላይ ምልክት አድርጌአለሁ። ቀጥሎ ያለው ክፍት ቦታ ጠባብ በመሆኑ ጽሑፌ ካልተነበበ እዚህ እደግመዋለሁ።

እንዳቆም ተነግሮኛል። ሰምቻለሁ።

ጌቲን ፕሮሰር